ጴጥሮስን ካወቃችሁ ፔትሪኮር አይከብዳችሁም

እንግሊዝኛ እያነበባችሁ አይታችሁት የማታውቁት ቃል ድንገት ይገተርባችኋል። ብዙዎቻችን ወዲያው ስልክ አውጥተን ጉግል ትራንስሌት ላይ እንለጥፈዋለን። ቃሉ ብዙም የማይነገር ከሆነ ግን እሱም አንዳንዴ ያንኑ ቃል በእኛ ፊደል ጽፎ ይመልስላችኋል። ተገላገላችሁ!

መጀመሪያ ዓረፍተ ነገሩን እስከ መጨረሻው አንብቡት። የሚያወራው ስለ ሰው ጠባይ ነው፣ ስለ ዕቃ ነው ወይስ ስለ ድርጊት? ለጊዜው እሷ ትበቃለች።

ቀጥሎ ቃሉን ቆራርጡት። እዚህ ላይ ሳናውቀው የያዝነው ስንቅ አለ፤ በየሰፈሩ ከምንጠራቸው ስሞች አንዳንዶቹ ከግሪክ የመጡ ናቸው። ፔትሪኮርን እንውሰድ። "ፔትራ" ዓለት ነው፣ ጴጥሮስ የሚለው ስምም ከዚያው ነው የወጣው። "ኢኮር" ደግሞ በግሪኮች ተረት በአማልክቱ ደም ሥር የሚፈሰው ነገር ነው። አንድ ላይ ሲሆን የድንጋይ ደም እንደማለት። ትርጉሙ ግን ደረቅ መሬት ላይ ዝናብ ጠብ ጠብ ሲል የሚመጣው ያ ደስ የሚል የአፈር ሽታ ነው! ስሙን ያወጡለት ሁለት የአውስትራሊያ ተመራማሪዎች ናቸው፣ እ.ኤ.አ. በ1964።

ፊሊጶስም "ፈረስ ወዳጅ" ማለት ነው። "ሂፖ" ፈረስ ነዋ፤ ጉማሬን ሂፖፖታመስ ሲሉት "የወንዝ ፈረስ" ማለታቸው ነው። መጨረሻው ላይ "ፋጂ" ካያችሁ መብላት አለ፣ ስለዚህ ሂፖፋጂ የፈረስ ሥጋ መብላት ነው።

ግምታችሁን ግን ቶሎ አትመኑት። እኔ ኖይሰም የሚለውን ቃል አይቼ፣ ያው ኖይዝ ስለሚመስል፣ "ጫጫታ የበዛበት ሰፈር" ብዬ ተርጉሜ አርፌያለሁ። ለካ ሰፈሩ የሚከረፋ ኖሯል! ዝምድናው ከአኖይ (ማስቸገር፣ ማናደድ) ጋር እንጂ ከኖይዝ ጋር አይደለም። ስለዚህ ከእንግሊዝኛ ወደ እንግሊዝኛ የሚፈታ መዝገበ ቃላት ክፈቱ። አጠገቡ "አርኬይክ" ከተባለ ቃሉ አርጅቷል፣ የሥራ ማመልከቻ ላይ እንዳትጽፉት።

ሰረንዲፒቲን ብትቆራርጡት ደግሞ ምንም አይወጣችሁም። ሰረንዲፕ የስሪላንካ የድሮ ስም ነው፤ ከሱ ተነስቶ ቃሉን የፈጠረው እንግሊዛዊው ጸሐፊ ሆራስ ዋልፖል እ.ኤ.አ. በ1754 በጻፈው ደብዳቤ ላይ ነው። ሳይፈልጉት መልካም ነገር ላይ መውደቅ ማለት ነው። እንዲህ ያለውን መዝገበ ቃላቱ ሥር የቃሉ አመጣጥ የተጻፈበት ቦታ ላይ ታገኙታላችሁ።

በመጨረሻ ፍቺውን በራሳችሁ አማርኛ ደብተር ላይ ጻፉት፣ መዝገበ ቃላቱን አትገልብጡ። እኔ ፔትሪኮር ፊት ለፊት የጻፍኩት፦ "የተሰጣ ልብስ ለማንሳት እየሮጥን ስንወጣ የሚሸተን።"