የወቅፍ ንብረት ክርክር ሸሪዓ ፍርድ ቤት ሲደርስ፦ ሳይደመጡ እንዳይፈረድብዎ ምን ያድርጉ?

በአዲስ አበባ ዳርቻ የሚነሳ የወቅፍ፣ ማለትም በእስልምና ሕግ ለበጎ ሥራ ለዘለቄታው የተሰጠ ንብረት፣ ክርክር ብዙውን ጊዜ መልኩ አንድ ነው። አባት በሕይወት ሳሉ ቤታቸውን በጎረቤት ፊት ለመድረሳ (ለእስልምና ትምህርት ቤት) ወቅፍ ያደርጋሉ፤ ሲሞቱ ካርታው በስማቸው ይገኛል። ወራሾች ካርታውን፣ የመስጂዱ ኮሚቴ ምስክሮቹን ይዞ ይቀርባል። ሁለቱም ለማሸነፍ ይቸኩላሉ። ነገር ግን ወቅፉን የሚያጸናው ተቃዋሚው በሚገባ ተደምጦ የተሰጠ ፍርድ ብቻ ነው። ያልተደመጠ ወራሽ መዝገቡን ነገ መልሶ ያስከፍተዋል።

መጀመሪያ ቦታው በማን አስተዳደር ሥር እንዳለ ያረጋግጡ። ኮልፌ ቀራንዮ ውስጥ ከሆነ ጉዳዩ የሚጀምረው በፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ሸሪዓ ፍርድ ቤት ነው። ቡራዩ ወይም ሰበታ፣ ማለትም ዛሬ ሸገር ከተማ ውስጥ ከሆነ ግን የኦሮሚያ ሸሪዓ ፍርድ ቤቶች አሉ። በዚህ ድንበር ላይ የመንደር ወሬ አይበቃም፤ ካርታውንና የግብር ደረሰኙን ማን እንደሰጠ ይመልከቱ። መሬት በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 የመንግሥትና የሕዝብ ስለሆነ፣ የሚከራከሩት ስለ ቤቱና ስለ ይዞታ መብቱ መሆኑንም ልብ ይበሉ። ከዚህ በታች ያለው የፌዴራሉን ይመለከታል።

ከሁሉ የሚበልጠው የፈቃድ ጉዳይ ነው። በአዋጅ ቁጥር 188/1992 መሠረት ሸሪዓ ፍርድ ቤት የወቅፍ ጉዳይ የሚያየው ወቅፍ አድራጊው ሙስሊም ሲሆንና ተከራካሪዎቹ በዚያ ለመዳኘት በግልጽ ሲስማሙ ነው። ካልተስማሙ በመጀመሪያው ቀጠሮ ቀርበው ይናገሩ፤ ቃልዎም መዝገብ ላይ እንዲሰፍር ይጠይቁ። ያን ጊዜ ጉዳዩ ሥልጣን ወዳለው መደበኛ ፍርድ ቤት ይተላለፋል። ብዙ ሰው የሚጎዳው ግን «አልቀርብም፣ ስለዚህ አልተስማማሁም» ብሎ ሲያስብ ነው። መጥሪያ በአግባቡ ደርሶት ያልቀረበ ተከሳሽ እንደተስማማ ተቆጥሮ ክሱ በሌለበት ይሰማል። አንዴ ከተስማሙ በኋላ ደግሞ ሐሳብን ቀይሮ ወደ መደበኛ ፍርድ ቤት መዞር የለም። ስለዚህ የሽማግሌ ግፊትም ሆነ የዘመድ ይሉኝታ ሳያስቸኩልዎ አስበው ይወስኑ። ኮሚቴዎችንም የምለምነው ይህንኑ ነው፤ መጥሪያው ክፍለ ሀገር ላሉ እህቶችም ጭምር በእርግጥ መድረሱን አረጋግጡ።

ማስረጃ ሲያሰባስቡ ወቅፉ የተነገረበትን ቃል፣ ጊዜውንና ተጠቃሚውን የሚያውቁ ምስክሮችን ያስቀድሙ። የነቢዩ ባልደረባ ዑመር ኢብኑል ኸጣብ በኸይበር (ዓረቢያ) የነበራቸውን መሬት ወቅፍ ሲያደርጉ እንዳይሸጥ፣ በስጦታ እንዳይሰጥ፣ እንዳይወረስ ብለው ነበር፤ ክርክሩ የሚያርፈውም አባት ይህን የመሰለ ቃል መናገራቸው ላይ ነው። ቤቱ ይሸጣል የሚል ሥጋት ካለ እግድ ይጠይቁ።

ችሎት ላይ ፍሬ ነገሩ የሚመዘነው በእስልምና ሕግ፣ ሥነ ሥርዓቱ የሚመራው በሥራ ላይ ባሉት የሥነ ሥርዓት ሕጎች ነው። ስለዚህ የክሱንና የማስረጃውን ግልባጭ የማግኘት፣ የተቃራኒውን ምስክር መስቀለኛ ጥያቄ የመጠየቅ መብት አለዎት። ቃዲው (የሸሪዓ ዳኛው) የኮሚቴው አባል ወይም የወራሾች ዘመድ ከሆነ፣ ክርክሩ ከመጀመሩ በፊት ከችሎት እንዲነሳ በጽሑፍ ያመልክቱ። ይህ ድፍረት አይደለም። ነቢዩ ሙሐመድ ባልደረባቸውን ዓሊን ዳኛ አድርገው ወደ የመን ሲልኳቸው የሁለተኛውን ወገን ቃል ሳይሰሙ ለመጀመሪያው እንዳይፈርዱ አዘዋቸዋል።

በሌሉበት ከተፈረደ፣ ፍርዱን ባወቁ በአንድ ወር ውስጥ በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 78 እንዲነሳ ያመልክቱ፤ መጥሪያ እንዳልደረሰዎ ወይም በቂ ምክንያት እንደነበረዎ ያስረዱ። ተከራክረው ከተረቱ ይግባኙ ወደ ከፍተኛው ሸሪዓ ፍርድ ቤት ነው።

የመድረሳው መምህር ወይም ቤቱን በኪራይ የያዘ ሰው በክሱ ሳይጠራ መብቱ ከተነካ ዝም ብሎ አይቀመጥ። ክርክሩ ካላለቀ በዚሁ የሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 41 ጣልቃ ለመግባት፣ ተፈርዶ ከሆነም ፍርዱ ከመፈጸሙ በፊት በአንቀጽ 358 መቃወሚያ ለማቅረብ ይችላል።