እሳት የሌለበት ሙቀት፦ ሕይወት ያለው ወላፈን እንዴት ይፈጠራል?

ለምናባዊ ዓለማችሁ ሕይወት ያለው ሙቀት ልትፈጥሩ ካሰባችሁ መጀመሪያ እሳቱን አጥፉት። ቀልዴን አይደለም። ነበልባል ፀጉር፣ ፍም ዓይን፣ ሲራመድ ሣሩን የሚያነድ ግዙፍ ሰውዬ... ይሄን ሁሉም ሰው ጽፎታል፣ እኔም ጽፌዋለሁ። እሳት ይታያል፣ ስለዚህ ሰው ይሸሸዋል። ሙቀት ግን አይታይም። በሩ ሳይከፈት ይገባል። እኔ የኔን ፍጡር "ወላፈን" ነው የምለው፤ ፊት ገርፎ ለሚያልፍ ነገር ከዚህ የተሻለ ቃል አላገኘሁም። እናንተ የፈለጋችሁትን በሉት።

ካልታየ እንዴት ይታወቃል? በዕቃዎች። ቅቤ 35 ዲግሪ ገደማ ላይ ቀልጦ ያልቃል። ሻማ እንደ ሰሙ ዓይነት ከ50 እስከ 65 ባለው ውስጥ እጅ ይሰጣል። ቆዳ 45 አካባቢ ላይ ማመም ይጀምራል። ብረት ደግሞ ከ500 አለፍ ሲል ጨለማ ውስጥ ደብዘዝ ያለ ቀይ ይሆናል። ይሄን መሰላል ከያዛችሁ "እየቀረበ ነው" ማለት አያስፈልጋችሁም፤ ውሻው ተነስቶ ይወጣል፣ ቅቤው ይፈሳል፣ ማንም ያልለኮሰው ሻማ ይጎብጣል፣ የበሩ እጀታ አልጨበጥ ይላል፣ አንባቢው የቀረውን ራሱ ይጨርሰዋል።

አሁን ከባዱ ክፍል። ሙቀት በራሱ ፈቃድ የሚሄደው ከሞቀው ወደ ቀዘቀዘው ነው። ጠረጴዛ ላይ የተረሳ ሻይ ክፍሉን በትንሹ አሙቆ ራሱ ይበርዳል። ፍጡራችሁም እንደዛው ነው፤ ዝም ብሎ ከተቀመጠ እየፈሰሰ ያልቃል። ከተወለደ ጀምሮ እየሞተ ነው፣ ባሕርዩም ሁሉ ከዚህ ይመጣል። ይርበዋል።

ምን ይበላ? ቁጭ ያለ ሰው ወደ 100 ዋት የሚጠጋ ሙቀት ያወጣል፣ እንደ ድሮው አምፖል። 50 ሰው የታጨቀበት አዳራሽ 5000 ዋት ነው፣ ለወላፈን ድግስ። እዚህ ጋ ግን እኔ ተሸውጃለሁ። የመጀመሪያውን ታሪኬን ያነበበ አንድ ጓደኛዬ "ቆይ፣ ያንተ ጭራቅ 300 ዲግሪ ነው፣ ሰውየው 37፣ ታዲያ ሙቀቱ ከሰውየው ወደ ጭራቁ የሚሄደው በምን ተአምር ነው?" አለኝ። የምመልሰው አጣሁ።

መልሱን ያገኘሁት ከፍሪጅ ነው። ፍሪጅ ከቀዝቃዛው ሆዱ ሙቀት እየጎተተ ወደ ሞቃቱ ውጭ ይጥላል። ግን በነጻ አይደለም፣ ኤሌክትሪክ እየበላ ነው። እናም አስማታችሁን እዚህ አንድ ቦታ ላይ ብቻ አውጡት፦ ወላፈን ከሱ ከቀዘቀዘ ነገር ሙቀት መጎተት ይችላል፣ ዋጋ ግን ይከፍላል። ዋጋውን እናንተ ወስኑ። እኔ ትዝታውን ነው ያስከፈልኩት፤ በበላ ቁጥር አንድ ነገር ይረሳል።

የሚጣፍጠው ከዚህ በኋላ ያለው ነው። ሙቀቱ የተወሰደበት ቦታ ይቀዘቅዛል። ሲመጣ ይሞቃል፣ በልቶ ሲሄድ ውርጭ ጥሎ ይሄዳል። የሙቀት ፍጡር ዱካው ብርድ ሆነ ማለት ነው! ግድግዳ ላይ አመዳይ፣ በጠራራ ፀሐይ ከአፍ የሚወጣ ጭጋግ፣ አዳኞቹም የሚከተሉት ቃጠሎን ሳይሆን ይሄን ነው። ደግሞ የግድ ክፉ መሆን የለበትም። ልጇን ትኩሳት የያዘባት እናት 39ን ወደ 37 እንዲያወርድላት ሌሊት በሩን ከፍታ ልትጠራው ትችላለች፤ ችግሩ 37 ላይ "በቃ" ሲሉት ይሰማል ወይ ነው።

አካሄዱ ሦስት ዓይነት ሊሆን ይችላል፣ አንዱን ብቻ ምረጡ ባይ ነኝ። በአየር ከሆነ፣ ሞቃት አየር ወደ ላይ ስለሚወጣ የሚኖረው ጣሪያ ሥር ነው፣ ወለል ላይ የተኛ ሰው ይተርፋል። በንክኪ ከሆነ ብረት አውራ ጎዳናው ነው፣ እንጨት ያዘገየዋል። በጨረር ከሆነ ባዶ ቦታም አያቆመውም፣ የተወለወለ ብረት ግን ይመልሰዋል።

ለመግደል ውሃ ይሠራል፣ ግን ምክንያቱን እወቁት። የፈላን ውሃ ሙሉ በሙሉ ወደ እንፋሎት ለመቀየር የሚፈጀው ጉልበት ያንኑ ውሃ ከ0 ወደ 100 ከማሞቅ ከአምስት እጥፍ ይበልጣል። እርጥብ ብርድ ልብስ ሲጣልበት አቅሙን የሚጨርሰው በዋናነት ትነቱ ነው። እንፋሎቱ ግን የጣለውንም ሰው ይገርፈዋል፣ ስለዚህ እባካችሁ ያለ ጠባሳ የሚያሸንፍ ጀግና አትጻፉ።

መግደል ካልፈለጋችሁ ዳፍኑት። ፍም በአመድ ተዳፍኖ የሚያድረው አመዱ አየር ስለሚያሳጣውና ሙቀቱንም ቶሎ ስለማያስወጣ ነው፤ ወላፈንም አመድ በተሞላ ማሰሮ ተኝቶ ከመንደር መንደር ሊጓዝ ይችላል። ከወለደ ያለውን ሙቀት ስለሚያካፍል ከበፊቱ ይበርዳል፣ ልጁም የሱን ያህል አይግልም። "እሳት አመድ ወለደ" ለሱ ስድብ አይደለም፣ የቤተሰብ ታሪኩ ነው።

ስትጀምሩ አንድ ገጽ ብቻ ጻፉ። "እሳት"፣ "ነበልባል"፣ "ነደደ" የሚሉትን ቃላት ለራሳችሁ ከልክሉ። ቅቤው ሲፈስ ጀምሩ፣ ባልዲው ውስጥ ያለው ውሃ በረዶ ሲሠራ ጨርሱ። መሃል ላይ ክፍሉ ውስጥ ማን እንደነበረ አትንገሩን።