ከሕያው የባሕር እንስሳ ጋር መድረክ ላይ ሲወጡ ሊያስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

በክዋኔ ጥበብ ውስጥ ሕያው የባሕር እንስሳ ማሳተፍ የሚፈልግ ሰው መጀመሪያ የሚያስበው ስለ ብርሃኑና ስለ ልብሱ ነው። ጥፋቱ ግን ብዙ ጊዜ ከውሃው ይጀምራል። ገንዳውን በትርዒቱ ዋዜማ መሙላት ትልቅ ስህተት ነው። ውሃው ጥርት ብሎ ቢታይም እንስሳው የሚያስወጣው አሞኒያ መርዝ ነው፤ ይህን ጉዳቱ ወደሚያንስ ውህድ፣ ወደ ናይትሬት፣ የሚለውጡት ባክቴሪያዎች ማጣሪያው ውስጥ እስኪባዙ ብዙውን ጊዜ ከ4 እስከ 6 ሳምንት ይፈጃል። ጨውም በግምት አይበተንም። አንድ ሊትር የባሕር ውሃ 35 ግራም ያህል ጨው አለው፤ የወጥ ጨው ደግሞ አይተካውም። መዳብ ያለበት ጌጥ ወይም የዓሣ መድኃኒት በጭራሽ አይግባ፤ ለኦክቶፐስና ለሸርጣን ገዳይ ነው።

ለሁሉም አንድ ዓይነት ገንዳ ማዘጋጀትም ስህተት ነው። ጃንጥላ የሚመስል ለስላሳ አካል ያለው ጄሊፊሽ ማዕዘን ባለው ገንዳ ውስጥ ጥጉ ላይ ተጣብቆ ይጎዳል። ውሃው በዝግታ የሚዞርበት ክብ ገንዳ ያስፈልገዋል፤ የአየር አረፋም ከጃንጥላው ሥር ገብቶ ሰውነቱን ያቆስለዋል።

ከሁሉም በላይ የሚያሳዝነኝ ኦክቶፐስን ለጭብጨባ ሲሉ ማሯሯጥ ነው። ሦስት ልብ አለው፤ ደምን ወደ መላ አካሉ የሚረጨው ልብ በሚዋኝበት ጊዜ መምታት ያቆማል። ቶሎ የሚደክመው፣ መዳህ የሚመርጠውም ለዚህ ነው። ድንገት ገርጥቶ ጥግ ሲይዝ ተመልካቹ «ቀለሙን ቀየረ!» ብሎ ይደሰታል፤ እሱ ግን ፈርቷል። ያን ጊዜ መብራቱን ቀንሶ እጅን ከውሃ ማውጣት ይገባል። ሽቶ ወይም ሎሽን የነካው እጅ መጀመሪያውኑ አይገባም። ኦክቶፐስ በክንዶቹ መምጠጫዎች ይቀምሳል፤ ጣትዎን ሲጨብጥ የተቀቡትን ሁሉ እየቀመሰ ነው።

የእንስሳውን ዕጣ ለተመልካች አሳልፎ መስጠትስ? እ.ኤ.አ. በ2000 አርቲስቱ ማርኮ ኤቫሪስቲ በዴንማርክ ሙዚየም ውስጥ ወርቃማ ዓሣዎችን (ጎልድፊሽ) በመፍጫ ማሽኖች ውስጥ አስቀምጦ ማብሪያውን ለጎብኚዎች ተወ፤ ማብሪያውን የተጫኑ ጎብኚዎችም ነበሩ። ዓሣው የባሕር ባይሆንም ጥያቄው ያው ነው፤ ኃላፊነቱ ለእኔ የአርቲስቱ ነው። ጃፓናዊቷ አርቲስት አኪ ኢኖማታ የሄደችበትን መንገድ እመርጣለሁ። ባዶ ዛጎል ውስጥ ለሚኖሩ ሸርጣኖች ከተሞች የተቀረጹባቸው ግልጽ ዛጎሎች በ3ዲ ማተሚያ ሠርታ አቀረበችላቸው። መግባት አለመግባቱ የእነሱ ምርጫ ነው። ትርዒቱም የሚያምረው ሸርጣኑ ዛጎሉን ደጋግሞ ሲመረምረው፣ ከዚያም ከአሮጌው ሾልኮ ሲገባበት ነው።

በመጨረሻ፣ ሥራው ሲያልቅ «ነፃ ላውጣው» ብሎ ባሕር ውስጥ መጣልም ስህተት ነው። የገንዳ በሽታ ወደ ዱር ይገባል፤ ባዕድ ዝርያም የቦታውን ሕይወት ሊያናጋ ይችላል። እንስሳውን ተረክቦ የሚንከባከበው አኳሪየም (የውሃ እንስሳት ማቆያ) ልምምዱ ሳይጀመር ተገኝቶ ስምምነቱ በጽሑፍ ይያዝ። ተቀባይ ካልተገኘ እንስሳውን አያምጡት።