የቀይ ባሕር ዜና ለድሬዳዋ ተመልካች ሲዘጋጅ

የዜና ወኪሎች ቪዲዮ ሲልኩ የምስል ዝርዝር አብሮ ይመጣል። ስክሪፕት ከመጻፋችሁ በፊት እሱን አንብቡ፦ ማን ቀረጸው፣ የት፣ መቼ፣ ምን ገደብ አለበት? ኅዳር 9 ቀን 2016 ሄሊኮፕተር «ጋላክሲ ሊደር» መርከብ ላይ ሲያርፍ የሚያሳየውን ምስል ያሰራጩት መርከቡን የያዙት የየመን ታጣቂዎች፣ ራሳቸው ሁቲዎች ናቸው። ምስሉ በታየ ቁጥር «ምንጭ፦ ሁቲዎች» የሚለው ጽሑፍ ስክሪኑ ላይ ይቆይ። ለሌላ ጥቃት ዜና ማሟያ ካደረጋችሁት ደግሞ «ፋይል» ብላችሁ ቀኑን ጨምሩበት፤ አለዚያ ከዚራ ሰፈር ቡናውን የሚጠጣው ሰው አዲስ መርከብ የተያዘ ይመስለዋል።

ቀን ከፈረንጆች ወደ እኛ አቆጣጠር ስትቀይሩ ተጠንቀቁ። የ2015 ጳጉሜን 6 ቀን ስለነበረች እስከ የካቲት 21 ቀን 2016 ድረስ ከተለመደው የአንድ ቀን ልዩነት አለ። እ.ኤ.አ. ጃንዋሪ 10 ቀን 2024 ጥር 1 እንጂ ጥር 2 አይደለም።

በዚያው ቀን የተባበሩት መንግሥታት የጸጥታው ምክር ቤት የሁቲዎችን ጥቃት ያወገዘበትን ውሳኔ 2722 በ11 ድጋፍ አጸደቀ፤ ሩሲያና ቻይና ከአልጄሪያና ከሞዛምቢክ ጋር ድምፀ ተዓቅቦ አደረጉ። ችኩል ተርጓሚ ይህን «ተቃወሙ» ይለዋል። ከሩሲያና ከቻይና አንዳቸው ቢቃወሙ ኖሮ ውሳኔው ይወድቅ ነበር፤ ለማጽደቅ ቢያንስ 9 ድጋፍ ያስፈልጋል፣ ከአምስቱ ቋሚ አባላትም አንድም ተቃውሞ መኖር የለበትም። «አወገዘ» እና «ስጋቱን ገለጸ» የሚሉትንም አታቀያይሩ፤ ዲፕሎማቶች በእነዚህ ቃላት ላይ ሲከራከሩ ነው የሚያድሩት።

ኒውዮርክ ረፋድ 4 ሰዓት የሚጀመር የምክር ቤቱ ስብሰባ በእኛ ምሽት 12 ሰዓት ነው፤ እነሱ በበጋቸው ሰዓታቸውን ሲያስቀድሙ 11 ሰዓት ይሆናል። ለምሽቱ ዜና ውጤቱ ካልደረሰ «ይጠበቃል» በሉና እለፉ።

እዚህ ድሬዳዋ ታይዋን በሚባለው ገበያ ያለው ነጋዴ የሚጠብቀው ግን ሌላ ነገር ነው፦ ዕቃዬስ? እዚህ ላይ ካርታ አሳዩ። የጅቡቲ ወደብ ቀይ ባሕርን ከኤደን ባሕረ ሰላጤ ከሚያገናኘው ጠባብ መተላለፊያ፣ ከባብ ኤል መንደብ፣ በስተደቡብ ነው። ከቻይና በቀጥታ የሚመጣ መርከብ በኤደን ባሕረ ሰላጤ ስለሚገባ መተላለፊያውን አያቋርጥም፤ ከቱርክ ወይም ከጅዳ የሚመጣው ግን ያቋርጣል። ባሕረ ሰላጤውም ጥቃት ስለደረሰበት «ከስጋት ነጻ» አትበሉት። በካርታው ላይ የየመኗን ወደብ ሁዴይዳን፣ መተላለፊያውንና ጅቡቲን ብቻ ጻፉ፤ ከሦስት በላይ ስም በስልክ ለሚያይ ሰው አይነበብም።