በአሮጌ ፒኤስ 2 የሱፐርሂሮ ጌም እንዴት እንጫወት? (በድሬ ሙቀት የተሞከረ)

አቦ የአዲሱን ፕሌይስቴሽን ዋጋ ጠይቆ "ይቅርብኝ" ያላለ ማን አለ። ግን ቤታችሁ ወይ አክስታችሁ ጋ ቁም ሳጥን አናት ላይ አቧራ የጠጣ ፒኤስ 2 (ፕሌይስቴሽን 2) ካለ ስፓይደርማኑም፣ ሀልኩም፣ ባትማኑም እዛው ውስጥ አሉ። ማሽኑ በ2000 ወጥቶ እስከ 2012 መጨረሻ አካባቢ ሲመረት የነበረ ነው (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ ነው የምጽፈው)፣ ከ150 ሚሊዮን በላይ ተሽጧል፣ ስለዚህ ዕቃውም ሲዲውም ገና ከገበያ አልጠፋም። እዚህ ድሬ ታይዋን ገበያም ሆነ ቀፊራ ገበያ ዞር ዞር ብላችሁ ብትጠይቁ አንዱ ሱቅ ከጓዳ ያወጣላችኋል።

1. ሳትሰኩ በፊት ጀርባውን አንብቡ

ማሽኑ ሁለት ዓይነት ነው፣ ወፍራሙና በ2004 የመጣው ቀጭኑ ስሊም። ሁለቱም ጀርባ ወይ ሆድ ላይ ስቲከር አለ፣ እዛ ላይ የሞዴል ቁጥሩን ፈልጉና የመጨረሻዋን ዲጂት ተመልከቱ፦ 0 ከሆነች ጃፓን፣ 1 ከሆነች አሜሪካ፣ 3 ከሆነች እንግሊዝ፣ 4 ከሆነች አውሮፓ። ይሄ ለሁለት ነገር ይጠቅማል። አንደኛ መብራቱ፦ የጃፓኑ ወፍራም ማሽን የሚፈልገው 100 ቮልት ነው፣ የአሜሪካው 120፣ የኛ ሶኬት ደግሞ 220 ነው። የአክስቴ ልጅ በጅቡቲ በኩል የመጣ ንጹህ የጃፓን ማሽን አግኝቶ፣ ካርቶኑ ሁሉ ያለው፣ ደስ ብሎት ቀጥታ ዲቫይደር ላይ ሰካው፣ አንድ ጊዜ ጧ አለና ቤቱ የተቃጠለ ፕላስቲክ ሸተተ፣ አለቀ። ትራንስፎርመር ቢገዛለት ኖሮ እስከዛሬ ይሰራ ነበር። ስሊም ላይ ቻርጀሩ ከውጪ የሆነው ይሻላል፣ ቻርጀሩ ላይ "100-240" የሚል ካለ ያለ ሐሳብ ሰኩት።

ሁለተኛ ሲዲው፦ የአውሮፓ ሲዲ የአሜሪካ ማሽን ላይ አይሰራም፣ ቺፕ (ይሄን ገደብ የሚያነሳ፣ ውስጡ የሚበየድ ትንሽ ዕቃ) ካልገባበት። የተቀዳ ሲዲ ደግሞ ቺፕ የሌለው ማሽን ጨርሶ አያነብም። እዚህ አገር ያሉት አብዛኞቹ ድሮ ጌም ቤት የሰሩ ስለሆኑ ቺፕ አላቸው፣ ግን ሻጩን ጠይቁ፣ ጠይቃችሁም አትመኑት፣ ሲዲ አስገብታችሁ እዩ።

2. ቲቪው

ቢጫ ለምስል፣ ነጭና ቀይ ለድምፅ፣ አለቀ። ፍላት ቲቪያችሁ ሦስቱ ቀዳዳ ከሌለው የኤችዲኤምአይ ኮንቨርተር አለ፣ ርካሹ ምስሉን ያደበዝዛል ግን ያጫውታል። ምስሉ ጥቁርና ነጭ ሆኖ ከመጣ ማሽኑ ተበላሽቶ አይደለም፣ የአሜሪካ ወይ የጃፓን ሲስተም ስለሆነና ቲቪው ስላልገባው ነው፣ የቲቪው ሴቲንግ ውስጥ ገብታችሁ ሲስተሙን ቀይሩለት። ፍላት ላይ ጌም ሞድ የሚል ካለ አብሩት፣ አለዚያ ቁልፉን ከተጫናችሁ በኋላ ሰውየው ዘግይቶ ነው የሚዘለው። የኔ ምክር ግን ያ ኋላው ትልቅ የሆነው አሮጌ ቲቪ ካለ እሱን አትጣሉ፣ ለፒኤስ 2 ከሱ የሚሻል የለም።

3. ሌንሱና ሙቀቱ

የድሬን አቧራ የምታውቁት ናችሁ፣ ደቻቱ ወንዝ በኩል ነፋስ ሲነሳ ምን እንደሚመጣ። ስሊሙ ክዳኑ ወደ ላይ ስለሚከፈት ሌንሷ ቁልጭ ብላ ትታያለች፣ የጆሮ ጥጥ በፋርማሲ አልኮል ትንሽ ነካ አድርጋችሁ ቀስ ብላችሁ ጥረጓት፣ ይድረቅ፣ ከዛ ሞክሩ። ሽቶ እንዳትጠቀሙ፣ በአፋችሁም እንዳትነፉባት ምራቅ ይሄዳል። አንድ ነገር ልብ በሉ፦ የፒኤስ 2 ሲዲዎች አንዳንዶቹ ታቻቸው ሰማያዊ ነው፣ እነሱ ሲዲ ናቸው፣ ብርማዎቹ ደግሞ ዲቪዲ ናቸው። ሌንስ ሲደክም አንዱን ዓይነት እያነበበ ሌላውን ይተዋል። የሱፐርሂሮ ጌሞቹ ደግሞ በብዛት ዲቪዲ ስለሆኑ ማሽን ስትገዙ በሰማያዊ ሲዲ ሞክሮ "ይኸው ይሰራል" የሚላችሁን ሰው በብርማ እንዲደግምላችሁ አድርጉ።

ከ6 ሰዓት እስከ 10 ሰዓት ባትጫወቱ ይመረጣል። ሰዉ ሁሉ በርጫ ላይ ወይ እንቅልፍ ላይ በሆነበት ሰዓት ማሽኑም ይረፍ። ፍራሽ ወይ ምንጣፍ ላይ አታስቀምጡት፣ ከታች ሁለት እንጨት አስገቡለትና አየር ይግባ።

4. ሜሞሪ ካርድ

ጌሙን ሴቭ የምታደርጉበት ነው፣ 8 ሜጋ ነው ዋናው። 64 እና 128 የሚሉት ማንነታቸው የማይታወቅ ካርዶች አንድ ቀን ባዶ ሆነው ይገኛሉ። የፒኤስ 1 ካርድ አይሆንም። ሴቭ እያደረገ መብራት ከሄደ ፋይሉ ይበላሻል፣ መብራት ደግሞ መቼ እንደሚሄድ አይናገርም፣ ስለዚህ ሁለት ካርድ ካላችሁ ሁለቱንም ሰክታችሁ ያለ ሲዲ ማሽኑን አብሩና ብራውዘር ውስጥ ገብታችሁ ሴቩን ከአንዱ ወደ ሌላው ኮፒ አድርጉ።

5. ስፓይደርማን 2 (እዚህ ላይ ቆም በሉ)

ሁሉም ሰው ከዚህ ነው መጀመር ያለበት፣ ብዙው ሰው ደግሞ እዚሁ ነው ተናዶ የሚተወው። ምክንያቱም የ2002ቱን የመጀመሪያውን ስፓይደርማን የተጫወተ ሰው ድሩን ሲወረውር ሰማዩ ላይ ይጣበቅለት ነበር፣ ምንም ማሰብ የለም፣ ቁልፉን ጠቅ ጠቅ እያደረጉ መሄድ ነው። በ2004 የወጣው ሁለተኛው ግን ድሩ እውነተኛ ሕንፃ ላይ ነው የሚይዘው። ሕንፃ ከሌለ ድርም የለም። ዛፍ የበዛበት የድሬው ከዚራ ሰፈር ቢሆን ኖሮ ሰውየው ዛፍ ላይ ነበር የሚቀረው።

ስለዚህ እጃችሁ ሳይሆን መጀመሪያ ዓይናችሁ ነው መልመድ ያለበት። አር 2 የምትለዋን ቁልፍ ተጭናችሁ ስትይዙ ድሩ ይወጣል። በግራ በኩል ያለ ሕንፃ ከያዘ አካላችሁ ወደ ግራ ይጎተታል፣ በቀኝ ከያዘ ወደ ቀኝ። ቀጥ ብላችሁ መሄድ ከፈለጋችሁ በመንገዱ መሀል ሁኑና አንዴ ግራ አንዴ ቀኝ እየቀያየራችሁ ሂዱ። ጀማሪ የሚያደርገው ምንድነው፣ አንዱን ግድግዳ ተጠግቶ ይወረውራል፣ ከዛ ዞሮ መጥቶ ከራሱ ግድግዳ ጋር ይላተማል፣ ከዛ ጆይስቲኩን ይረግማል።

ቀጥሎ የመልቀቂያው ሰዓት ነው። አብዛኛው ሰው ድሩን ይዞ እስከ መጨረሻው ይቆያል፣ ሰውየው ጫፍ ደርሶ ፍጥነቱን ጨርሶ ሲንጠለጠል ነው የሚለቀው። ልክ አይደለም። ታች ደርሳችሁ ወደ ላይ መነሳት ስትጀምሩ፣ ገና ፍጥነቱ እያለ፣ በኤክስ ዝለሉ። ያኔ ወደ ፊትም ወደ ላይም ይወረውራችኋል። አየር ላይ እያላችሁ ቶሎ ብላችሁ አር 2 አትጫኑ፣ ትንሽ ውረዱ፣ መውረዱ ነው ለሚቀጥለው ዥዋዥዌ ፍጥነት የሚሰጣችሁ። ያዝ፣ ውረድ፣ ተነስ፣ ዝለል፣ ትንሽ ውደቅ፣ ያዝ። ይቺ ቅደም ተከተል እጃችሁ ውስጥ ከገባች ወላሂ ከፎቅ ፎቅ መሄዱ ብቻ አንድ ማታ ይጨርሳል፣ ሚሽን የሚባል ነገር ትረሳላችሁ። ልምምዱን ረጃጅም ፎቆች ያሉበት ሰፈር አድርጉ፣ ሴንትራል ፓርክና ወንዙ አካባቢ አትሂዱ መያዣ የለም። ከትልቅ ከፍታ መሬት ላይ ከተፈጠፈጣችሁ ደግሞ ጤናችሁ ይቀንሳል፣ ስለዚህ መሬት ሳትደርሱ ድር ወርውሩ ወይ ግድግዳ ያዙ።

ጆይስቲኩ ላይ አንድ ነገር ልጨምር። አር 2 ሁልጊዜ ተጭኖ የሚያዝ ቁልፍ ስለሆነ የላላ ከሆነ በመሀል ሰማይ ይለቃችኋል። ደስ የሚለው ግን ከጌም ቤት የወጡ ጆይስቲኮች የሚሞቱት በኳስ ጌም ነው፣ መሮጫዋ አር 1፣ መምቻዋ ካሬና ማቀበያዋ ኤክስ ናቸው ተቀጥቅጠው የሚያልቁት፣ አር 2 ብዙ ጊዜ ደህና ናት። ኤክስን ግን ደጋግማችሁ ፈትኑ፣ መዝለያ ናትና። ሁለቱንም የጆይስቲኩን እንቡጦች ነካክታችሁ ሰውየው ብቻውን የሚሄድ ከሆነ አትግዙ።

ሌላ ሰዉ የሚጣበቅበት ቦታ፦ ምዕራፉ አላልፍ ይላል። ጌሙ ተበላሽቶ አይደለም፣ ሂሮ ፖይንት ይጠይቃችኋል። መንገድ ላይ ሰው ሲዘረፍ፣ መኪና ሲሰረቅ እየገባችሁ ስትረዱ ነጥቡ ይሞላል። በዛው ነጥብ ሱቅ ገብታችሁ አዲስ ዘዴ ትገዛላችሁ፣ የመጀመሪያውን ብር... ማለቴ ነጥብ የዥዋዥዌ ፍጥነት ላይ አውሉት፣ ድብድቡ ይደርሳል። የፒዛ ማድረሱን ሥራ ከዚያ በፊት አትንኩት፣ ሰዓቱ እንዲሁ ያናድዳል።

ይሄን ከጨረሳችሁ የ2005ቱ አልቲሜት ስፓይደርማን አለ፣ ምስሉ እንደተሳለ ኮሚክ ነው፣ ቬነምንም ራሳችሁ ትጫወቱበታላችሁ። አጭር ነው ግን ያምራል።

6. ሀልክ፦ አልቲሜት ዲስትራክሽን

2005 የወጣ ነው፣ እኔን ከጠየቃችሁኝ እዚህ ማሽን ላይ ካሉት የሱፐርሂሮ ጌሞች ሁሉ የሚበልጠው ይሄ ነው፣ ከስፓይደርማን 2ም ጭምር፣ ጓደኞቼ አይስማሙም። ማስተማር እንኳን አያስፈልገውም፣ ግድግዳ ላይ ሮጦ ይወጣል፣ ያገኘውን ይሰብራል። በምትሰበስቡት ነጥብ ስትገዙ ቶሎ መኪና ለሁለት ቀዶ እንደ ጓንት እጁ ላይ የሚያደርገውን ግዙ፣ ከታንክ ጋር ስትጣሉ ያንን ታመሰግናላችሁ። አውቶቡስ ጨፍልቆ እንደ ስኬትቦርድ የሚነዳበትም አለ፣ ጥቅሙ ብዙ አይደለም ግን ግዙት። ሲሰብሩ ብቻ አትቆዩ፣ ጥፋቱ ሲበዛ ሠራዊቱ ጠንከር ያለ ቡድን ይልካል፣ ጤና ሳይሞላ እዛ መቆም የለም፣ በትልቁ ዘላችሁ ሰፈር ቀይሩ።

7. ከሰው ጋር

ከታናናሾች ጋር ከሆነ ሌጎ ባትማን (2008)። ሁለተኛው ልጅ በየትኛውም ሰዓት ስታርት ተጭኖ ይገባል፣ ሲሞት የሚቀንሰው የሰበሰበው ሳንቲም ብቻ ነው፣ ስለዚህ ልቅሶ የለም። ስክሪኑ አንድ ስለሆነ ግን አንዱ ግራ አንዱ ቀኝ ከሄደ ሁለቱም ይታሰራሉ፣ ጠቡ የሚነሳው እዛ ላይ ነው። ከጓደኛ ጋር ከሆነ ጀስቲስ ሊግ ሂሮስ ወይ ማርቭል አልቲሜት አሊያንስ፣ ሁለቱም 2006። የማርቭሉ አራት ጀግና ይዞ ነው የሚሄደው፣ ሁለቱን እናንተ፣ የቀሩትን ማሽኑ ይይዛቸዋል። ለአራት ሰው መልቲታፕ የሚባል ዕቃ ይፈልጋል፣ እዚህ አገር ማግኘቱ ከባድ ነው፣ አትድከሙ። ጀግና ስትመርጡ ዝም ብላችሁ አትደባልቁ፣ ፋንታስቲክ ፎርን አራቱንም አንድ ላይ ስታደርጓቸው ቦነስ አለው፣ አቬንጀርሶችም እንደዛው። ሴቭ ማድረጊያው የተወሰነ ቦታ ላይ ነው ያለው፣ ባያችሁት ቁጥር አድርጉ።

ለብቻ፣ በእርጋታ፣ ማታ ማታ ደግሞ የ2005ቱ ባትማን ቢጊንስ ጥሩ ነው። መጀመሪያ ወንበዴዎቹን አስፈራራቸው፣ መሣሪያቸውን ሲጥሉ ከዛ ግባ።

8. ስትገዙ የምትጠነቀቁት

ከ2007 በኋላ የወጡትን በሽፋናቸው አትግዙ። ሽፋኑ ከፒኤስ 3ቱ ጋር አንድ ዓይነት ሆኖ ውስጡ ሌላ ጌም የሆነ አለ። ስፓይደርማን ዌብ ኦፍ ሻዶውስ (2008) ፒኤስ 3 ላይ ሰፊ ከተማ ነው፣ ፒኤስ 2 ላይ ግን ከግራ ወደ ቀኝ ብቻ የምትሄዱበት ነው። አይረንማን (2008) መብረሩን ለመልመድ የሚወስደው ጊዜ ለጌሙ አይገባውም። ሱፐርማን ሪተርንስ (2006) ሐሳቡ ይገርማል፣ ሱፐርማን ራሱ አይጎዳም፣ የምትጠብቁት የከተማዋን ጤና ነው፣ መብረሩም ደስ ይላል፣ ግን ቶሎ ይደጋገማል፣ ተውሳችሁ ብትሞክሩት ይበቃል።

ባትማን አርካም ለፒኤስ 2 የሚላችሁ ካለ ውሸት ነው፣ በ2009 ሲወጣ ለፒኤስ 3፣ ለኤክስቦክስ 360ና ለኮምፒውተር ነው የወጣው። "ጂቲኤ ስፓይደርማን" የሚል ጽሑፍ ያለበት ሲዲም ካያችሁ የሰውየው ልብስ የተቀየረበት ያው ጂቲኤ ነው። ሻጩ ማሽን ካለው አስገቡና እስከ ሜኑ ብቻ ሳይሆን የመጀመሪያው ሚሽን ሎድ እስኪያደርግ ጠብቁ፣ የተቧጨረ ሲዲ ሜኑ ላይ ደህና ይመስልና እዛ ላይ ነው የሚቆመው።