በተፈረመ የስልክ አፕዴት ላይ የሚፈጸሙ ስህተቶች

ፊርማን እንደ ምስጠራ መቁጠር። የተፈረመን ፋይል ማንም ከፍቶ ሊያየው ይችላል። አምራቹ ከፋይሉ ሃሽ (ከፋይሉ ይዘት የሚሰላ አጭር መለያ) ያወጣል፣ ብዙ ጊዜ ኤስኤችኤ-256 በሚባለው ስሌት፤ ከዚያ ሃሹን እሱ ብቻ በሚይዘው የግል ቁልፉ ይፈርማል። ስልኩ ፊርማውን ቀድሞ በያዘው፣ የግል ቁልፉ ጥንድ በሆነው ይፋዊ ቁልፍ ያረጋግጣል። አንዲት ቢት ብትቀየር ሃሹ ስለማይገጥም አፕዴቱ ይቆማል። ፊርማው የሚመሰክረው ለፈራሚው ማንነትና ለፋይሉ አለመነካት ነው። ኮዱ እንከን የለሽ ስለመሆኑ ምንም አይልም።

ፋይሉ ከወረደበት ገጽ ላይ በተጻፈ ሃሽ መተማመን። ፋይሉን የቀየረ ሰው ሃሹንም ይቀይረዋል።

በሙከራ ቁልፍ ፈርሞ ለሕዝብ መልቀቅ። ከሁሉም የከፋው ይህ ነው። ከአንድሮይድ ክፍት ኮድ ጋር የሚመጡት የሙከራ ቁልፎች የግል ክፍላቸው ሳይቀር በይፋ ተቀምጧል። በእነሱ የተፈረመ ሥርዓት የጫነ ስልክ ማንም ሰው ቤቱ ቁጭ ብሎ የፈረመውን አፕዴት እንደ አምራቹ አድርጎ ይቀበላል። የራስዎን ቁልፍ ያመንጩ፤ ኮዱ ከሚገነባበት ኮምፒውተር ለይተው፣ ቢቻል ቁልፉን በማያስወጣ የሃርድዌር መሣሪያ ውስጥ ያኑሩት።

የቆየ ስሪትን መርሳት። ባለፈው ዓመት የወጣው፣ የደኅንነት ቀዳዳው የታወቀው ስሪት ፊርማው ዛሬም ትክክል ነው። ስለዚህ ፊርማ ብቻውን ወደ ኋላ መመለስን አይከለክልም። የአንድሮይድ ቬሪፋይድ ቡት (ስልኩ ሲነሳ ሥርዓቱን የሚያረጋግጠው ስልት) ለዚህ ሲል በቀላሉ በማይነካ ማከማቻ ውስጥ ቁጥር ይይዛል፤ ከዚያ ያነሰ ቁጥር ያለው የሥርዓት ፋይል አይነሳም። ቀዳዳ ደፍነው ቁጥሩን ካልጨመሩት ግን መከላከያው የለም ማለት ነው።

ለመተግበሪያ ሠሪዎች፦ ኤፒኬን (የአንድሮይድ መተግበሪያ ፋይልን) በኤፒኬሳይነር፣ በመፈረሚያው መሣሪያ፣ ከፈረሙ በኋላ ዚፕአላይን (በፋይሉ ውስጥ ያለውን ውሂብ አቀማመጥ የሚያስተካክለውን መሣሪያ) አያሂዱ። ከአንድሮይድ 7.0 ጀምሮ ያለው ሁለተኛው የፊርማ ስልት መላውን ፋይል ስለሚሸፍን ፊርማው ይበላሻል። ቅደም ተከተሉ መጀመሪያ ዚፕአላይን፣ ከዚያ ፊርማ ነው። በአንደኛው ስልት ብቻ መፈረምም አይበቃም፤ በ2017 ይፋ የሆነው ጃኑስ የተባለው ቀዳዳ ፊርማውን ሳይነካ በኤፒኬው ፊት ኮድ ለመለጠፍ አስችሎ ነበር።

«ፊርማው አልተረጋገጠም» ሲል ማረጋገጫውን ማጥፋት። ብዙውን ጊዜ ፋይሉ በከፊል ወርዷል ወይም ዚፑ ተፈቶ እንደገና ታሽጓል። ከአምራቹ እንደገና ያውርዱት፤ የስልኩን ሞዴል ቁጥርም ያመሳክሩ። የተለወጠ ሥርዓት እንደጫኑ ቡትሎደሩን (ሥርዓቱን የሚያስነሳውን ፕሮግራም) መልሶ መቆለፍ ደግሞ ስልኩ ጨርሶ እንዳይነሳ ሊያደርገው ይችላል።