የማይያዘውን ቀለም እንዴት በዓይን ማየትና ለምናብ ዓለም መጠቀም እንደሚቻል

ምናባዊ ዓለም የሚፈጥሩ ጸሐፊዎች «ማንም አይቶት የማያውቅ ቀለም» ብለው ይጽፉና እዚያው ይተዉታል። አንባቢው ምንም አይታየውም። ከዚህ የተሻለ መንገድ አለ፤ ቀለም ቀቢ የማይቀላቅለው፣ ስልክም የማያሳየው፣ ግን አብዛኛው ዓይን ለጥቂት ሰከንድ ሊያየው የሚችል ቀለም አለ። አንዱ እንደ ጥቁር የጠቆረ፣ ሆኖም ያለ ጥርጥር ሰማያዊ የሆነ ቀለም ነው። ከዚህ ጀምሩ።

የሚያስፈልጉት ደማቅ ቢጫ ወረቀት፣ ግራጫ ካርቶን፣ ኮላ፣ ጥቁር ማርከርና ከካርቶኑ የማያንስ ጥቁር ከፋይ ጨርቅ ናቸው። በከፋዩ ፋንታ የሚያብረቀርቅ ጥቁር ወረቀት አትጠቀሙ። የመስኮቱን ብርሃን ስለሚመልስ ጥቁሩ ወደ ግራጫ ይሄዳል፣ ሥራውም ይበላሻል።

ቢጫው ወረቀት ላይ የቡና ሲኒ ደፍታችሁ ዙሪያውን አስምሩና ክቡን ቁረጡ። ካርቶኑ መሃል ላይ ለጥፉት፤ በክቡ እምብርት ምስር የምታክል ጥቁር ነጥብ አድርጉ። ከፋዩም መሃል ላይ በጠመኔ ትንሽ ነጥብ ይኑር። ሁለቱን ጎን ለጎን፣ ከዓይናችሁ 40 ሳንቲ ሜትር ያህል ርቀት ላይ አቁሟቸው። የቀን ብርሃን ይበቃል፣ ፀሐይ ግን በቀጥታ አይምታቸው።

አሁን በቢጫው ክብ ላይ ባለው ጥቁር ነጥብ ላይ ከ45 እስከ 60 ሰከንድ ዓይናችሁን ተክሉ። መርገብገብ ይፈቀዳል፣ መቅበዝበዝ ግን አይፈቀድም። ትንሽ እንደቆያችሁ ቢጫው እየፈዘዘ፣ ጠርዙ ላይ ቀጭን ሰማያዊ መስመር ብልጭ ድርግም ማለት ይጀምራል። መልካም ምልክት ነው፤ ግን ወደ ጠርዙ እንዳታዩ። ጊዜው ሲሞላ ዓይናችሁን ከፋዩ ላይ ወዳለው ነጥብ አሻግሩ። ከአፍታ በኋላ ክቡ ይመጣል፦ ሰማያዊ ነው፣ ግን ከከፋዩ አይደምቅም፤ እንዲያውም ይበልጥ የጨለመ ይመስላል። መጥፋት ሲጀምር ቶሎ ቶሎ ማርገብገብ ትንሽ ያቆየዋል።

ምክንያቱ እንዲህ ነው። ቀለም የሚለዩት የሬቲና ኮን ሕዋሳት ሦስት ዓይነት ሲሆኑ፣ ምልክታቸው ወደ አንጎል የሚሄደው በተቃራኒ ጥንዶች ተደርጎ ነው፤ ቢጫ ከሰማያዊ፣ ቀይ ከአረንጓዴ። ቢጫውን የሚያዩት ሲደክሙ ሚዛኑ ወደ ሰማያዊ ያጋድላል። ከፋዩ ደግሞ ብርሃን አይሰጥም ማለት ይቻላል። ስለዚህ ሰማያዊነቱ ከውስጥ፣ ጥቁርነቱ ከውጭ ይመጣና በአንድ ቦታ ይገናኛሉ፤ በማንኛውም ዕቃ ላይ ይህ አይሆንም። ፈላስፋው ፖል ቸርችላንድ በ2005 ስለ እነዚህ ቀለሞች ሲጽፍ የዚህኛውን ዓይነት ስቲጂያን ብሎታል፤ ስሙ በግሪክ አፈ ታሪክ የሙታን ዓለም ወንዝ ከሆነው ከስቲክስ የመጣ ነው።

ምንም ካልታያችሁ ብዙ ጊዜ ጥፋቱ የዓይን መንቀሳቀስ ነው። ክቡ መጥቶ ደብዛዛ ከሆነ ደግሞ ብርሃኑ አንሷል። ክቡ ከመጠን በላይ ከሰፋ ከፋዩ ርቋል ማለት ነው፦ 6 ሳንቲ ሜትር ክብ በ40 ሳንቲ ሜትር ታይቶ ዓይን 2 ሜትር ወደ ራቀ ግድግዳ ቢሻገር 30 ሳንቲ ሜትር ሆኖ ይታያል። በስልክ የምትሞክሩ ከሆነ የሌሊት ማጣሪያውንና ብርሃን በራሱ የሚያስተካክለውን አጥፉ። አምፖል፣ ፀሐይ ወይም ሌዘር ላይ ግን በፍጹም አታፍጥጡ።

ዓይናችሁ መለማመዱን ለማወቅ ስልክ ላይ ሦስት አግድም ቀለሞች ሥሩ (ቁጥሮቹ በቅደም ተከተል የቀይ፣ የአረንጓዴና የሰማያዊ ብርሃን መጠን ናቸው)፦ ከላይ 255፣ 0፣ 255፤ ከመሃል 0፣ 0፣ 255፤ ከታች 0፣ 255፣ 255። አንድ ደቂቃ አይታችሁ ነጭ ወረቀት ስታዩ አረንጓዴ ቢጫ ቀይ ከመጣላችሁ ጨርሳችኋል።

ከማይያዙት ቀለሞች ሌሎቹ ሁለት ዓይነቶች ይቀላሉ። ነጭ ወረቀት ላይ ጥቁር አረንጓዴ ክብ አይታችሁ ወደ ባዶ ነጭ ወረቀት ብትዞሩ፣ ከወረቀቱ የበለጠ የሚያበራ የሚመስል ቀላ ያለ ክብ ይታያችኋል። በስክሪን ላይ ደግሞ 0፣ 128፣ 255 የሆነ ክብ ካያችሁ በኋላ 255፣ 128፣ 0 የሆነ ብርቱካናማ ላይ ብታርፉ፣ ከብርቱካናማ በላይ ብርቱካናማ ይሆናል። ቢጫና ሰማያዊ ካሬ ጎን ለጎን አድርጎ ዓይንን በማጣመም «ቢጫማ ሰማያዊ» ማግኘት ግን ብዙም አንመክርም፤ አብዛኛውን ጊዜ ሁለቱ ቀለሞች እየተፈራረቁ ራስ ምታት ብቻ ነው የሚተርፈው።

በቤት የማይሞከረው ኦሎ የተባለው ቀለም ነው። በ2025 በበርክሌይ የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች መካከለኛ የሞገድ ርዝመት ያለውን ብርሃን የሚያዩትን ኮኖች ብቻ እየለዩ በሌዘር ነኩ፤ ማንኛውም የተፈጥሮ ብርሃን እነሱን ለብቻቸው አይነካም። ያዩት አምስት ሰዎች ሲሆኑ፣ ቀለሙ ሰማያዊ የቀላቀለ አረንጓዴ ነው፤ ግን ከማንኛውም የታወቀ ቀለም ጋር ለማመሳሰል ነጭ ብርሃን ጨምረው ማቅጠን ነበረባቸው።

ወደ ምናብ ዓለማችሁ ስትመለሱ ሕጉን ከሙከራው ውሰዱ። ከፋዩ ላይ ያያችሁትን ክብ ጠርዙን ለማየት ሞክሩ፤ ዓይናችሁ በሄደበት አብሮ ይሸሻል። ለሌላ ሰው ጠቁሞ ማሳየት አይቻልም፣ ቢጫ ሳይታይ አይመጣም፣ ሳይቆይ ይጠፋል። ይህ ለአንድ መንግሥት በቂ ነው፦ ቀለሙን ለማየት ቢጫ ፋኖስ ላይ የሚያፈጥጡ መነኮሳት፣ በጋን ሊያስቀረው ዕድሜውን የጨረሰ ቀለም ነካሪ። «ሊገለጽ የማይችል» የምትለዋን ሐረግ ሰርዟት፤ ሰውየው ምን እንዳየ ሳይሆን ለማየት ምን እንዳደረገ ጻፉ።

ስሙም ከዕቃ ይውጣ። ቡናማ ከቡና፣ ሰማያዊ ከሰማይ፣ ብርቱካናማ ከብርቱካን እንደመጣ ሁሉ መጀመሪያ ዕቃውን ፍጠሩ። የዓለማችሁ ሰዎች ዋሻ ውስጥ «ኔር» የሚሉት ድንጋይ ካላቸው ቀለሙ ኔርማ ይሆናል። ድንጋዩ ራሱ ግን ኔርማ አይሁን፤ ተራ ቢጫ ይሁን።